ስታም

ሦስት ፊደል ናት። የመጨረሻዋ ሜም
ዙሪያዋን የታጠረች፣ በር የሌላት ግቢ።
ኡልፓን ላይ ብራካ በጠመኔ ጻፈቻት፤
«ትርጉሟስ?» ብንላት ትከሻዋን ሰበቀች፦
«ስታም... ስታም ነዋ!»
እኛም ደብተር ላይ ገለበጥናት፣
ከጎኗ ለትርጉም አንድ መስመር ትተን።

ቂርያት ጋት ከገባሁ ስንት ክረምት አለፈ፤
ያ መስመር ግን እስከ ዛሬ አልተጻፈ።

የምሠራው መዋለ ሕፃናት ነው፤
ወለል እወለውላለሁ፣ ሾርባ እቀዳለሁ፣
የማንንም ልጅ አፍንጫ እጠርጋለሁ።
ሺራን የምትባል፣ ሁለት የፊት ጥርሷ የወለቀ፣
«ያያ! ፀጉርሽ ላይ ጊንጥ!» ትለኛለች።
እኔ ስዘል፣ ባልዲው ሲገለበጥ፣
ሳቋን መያዝ አቅቷት «ስታም!» ትላለች፣ «ስታም!»
የፈሰሰውን ውሃ ግን ስታም አያደርቀውም።

ጫማ ሻጩ ደግሞ ጣቱን ቀስሮ፦
«ይሄኛው ስም አለው፣ ሦስት መቶ ሼክል።
ያኛው ስታም ነው፣ ሰባ።»
ስታሙን ገዛሁ። ስታሙን ተጫምቼ
በስታም አውቶቡስ፣ በስታም ማክሰኞ ቤቴ ገባሁ፤
አንድም ሰው ዞር ብሎ ያላየኝ ቀን ነበር።
ደስ ሲል!

ጎረቤቴ ሱሊካ፣ ግድግዳ ብቻ የሚለየን፣
ለእኅቴ ልጅ ሠርግ ለብሼ ስወጣ
ደረጃው ላይ ዘንቢሏን አስቀምጣ ቆመች፦
«ሎ ስታም!» አለች፣ «ሎ ስታም!»
አንዲት «አይደለም» ከፊቷ ስትቀድማት
ይቺ ተራ ቃል ዘውድ ትደፋለች።

የወጥ ቤቱ ቧንቧ የተዘጋ ጊዜ
ቪክቶር መጣ፣ ተንበርክኮ በሽቦ ጎረጎረ፦
«ሳቱም፣» አለ። ተደፍኗል ማለቱ ነው።
ጥርሴን የሞላልኝ ሐኪምም «ስቲማ» ብሎት ነበር።
ለካ ዘመዳሞች ናቸው!
ለካ ስታምም መወተፊያ ናት፣
ውስጥ ያለው እንዳይወጣ
አፍ ላይ የምትጠቀጠቅ ጨርቅ።

አቪኤል ልጄ፣ በአሥራ ስድስት ዓመቱ፣
አንድ ሐሙስ አምሽቶ ገባ፣
የሸሚዙ አንገት ተተርትሮ።
«ምን ሆንክ?»
«ስታም።»
«ማን ነው እንዲህ ያደረገህ?»
«ፖሊሶች። ብስክሌቱ የማን ነው አሉኝ።»
«ለምን?»
«ስታም፣ እማ።»
እነሱም ያሉት ይህንኑ ነው፤ ቆይቶ ነው የነገረኝ፦
«ስታም ፍተሻ ነው፣ ቁም።»
ከእነሱ አፍ ዱላ ሆና የወጣች
እሱ አፍ ውስጥ ፋሻ ሆና ተጠመጠመች።
በአማርኛ ልጠይቀው ፈለግሁ፤ አማርኛው ያጥረዋል።
በዕብራይስጥ እንዳልጠይቀው የእኔው ይሰበራል።
ሁለታችንም አጥርተን የምናውቃት
እሷን ብቻ ነበር።
በሩን ዘጋ። ሜም።

እኔስ ብሆን መች ንጹሕ ነኝ?
እኅቴ ከአፉላ ደውላ «ድምፅሽ ምነው?» ስትል
«እንዲያው ነው፣» እላታለሁ። የእኛው ስታም፣
ከእኛው ጋር በአውሮፕላን የመጣ፣ ያልተፈተሸ።
አባቴ በሬዎቹን ሸጦ የገባ ማታ
ባዶው በረት ደጃፍ ቆሞ ቆየ።
«ምን ትሠራለህ በብርድ?» አለችው እናቴ።
«እንዲያው፣» አላት።
የበሬዎቹ ገመድ እጁ ላይ ነበር።

ትናንት ሌሊት ምስር ስለቅም
አቪኤል መጣ። ወንበር ስቦ ተቀመጠ፤
ስልኩን በፊቱ ደፋው።
«ራበህ?»
«አይ።»
«ገንዘብ ነው?»
«አይ።»
«ታዲያ ምን ፈለግህ?»
«ስታም።»
ቀና ብዬ አየሁት። የደፈነው ነገር አልነበረም፤
ወይም ነበረ፣ እኔ አላውቅም።
እጁን ወደ ሰፌዱ ሰደደ፣ አንድ ጠጠር አገኘ፣
በጥፍሩ ገፍቶ ወደ እኔ አደረሰው።
ከዚያ ሌላ።
ምንም አላወራንም፤ ፍሪጁ ብቻ ያጉረመርማል።
ስንነሳ ሰፌዱ ጠርዝ ላይ
ሰባት ጠጠር ተደርድሯል።